በልቦለዴ ዓለም ያለው የ«ትይዩ» ጽሞና፦ መስታወቱ ምን ያሳይ?

የኮዬዋ

ሰላም የዚህ ቤት ሰዎች። ነገሬ ረዘም ስለሚል ትዕግሥታችሁን እለምናለሁ።

አንድ ምናባዊ ልቦለድ ስጽፍ ሦስት ዓመት ሊሞላኝ ነው። ታሪኩ የሚካሄደው «ድንግዝ» ብዬ በሰየምኩት አገር ነው። ድንግዝ በሁለት ገደላማ ተራሮች መሀል የተሸጎጠ ሸለቆ ስለሆነ ፀሐይ የምትታየው እኩለ ቀን ላይ ለጥቂት ጊዜ ብቻ ነው። የቀረው ሰዓት ጎህም ምሽትም አይባልም። ሰዎቹ ገብስ ይዘራሉ፣ ቀፎ ይሰቅላሉ፣ ሰም ያቀልጣሉ። በዚህ አገር ልጅ አሥራ አምስት ዓመት ሲሞላው ሰባት ሌሊት «ትይዩ» ይቀመጣል። ሰፌድ የሚያህል ጥቁር መስታወት ግድግዳው ላይ ተተክሎ፣ አንድ ጧፍ ከጀርባው በርቶለት፣ የገዛ ዓይኑን እያየ ቃል ሳይተነፍስ ያነጋል። ጎህ ሲቀድ «ሰሚ» የሚሏቸው አረጋዊ ይገቡና አንድ ጥያቄ ብቻ ይጠይቁታል፦ «ማን ቀረ?»

በመጀመሪያው ረቂቄ መስታወቱ ተአምረኛ ነበር። የተቀመጠው ልጅ የሚሞትበትን ቀን ያሳየዋል። ያነበቡልኝ ጓደኞቼ ወደዱት። እኔ ግን ያንን ምዕራፍ በገለጥኩ ቁጥር ውሸት ውሸት ይለኛል። ለምን እንደሆነ አላውቅም ነበር።

ባለፈው ክረምት አንድ ሌሊት ሆነ። የምኖረው ኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ ነው። ብሎካችን ዳር ላይ ስለሆነ ከመኝታ ቤቴ መስኮት ወዲያ ያለው የጤፍ ማሳ ነው፤ ማታ ማታ ጅብ ይጮህበታል እንጂ አንድ አምፖል አይታይበትም። መብራት ጠፍቶ ሻማ አበራሁ። መጋረጃውን ለማጠብ አውርጄው ስለነበር መስኮቱ እንደ ከሰል ጠቁሮ ፊቴን መለሰልኝ። እስክርቢቶዬን አስቀምጬ ዓይን ዓይኔን ማየት ጀመርኩ። ስንት ደቂቃ እንደቆየሁ አላውቅም። መጀመሪያ ጆሮዎቼ ጠፉ። ከዚያ አገጬ። ከዚያ ጉንጬ ወደ ውስጥ ገባ፣ የከንፈሬ ዳር ጠበቅ አለ፣ እናቴ ሆነች። ካረፈች አራት ዓመቷ ነው። ጸጉሩ የእኔው ሹሩባ ነው፤ አፉ ግን የእሷ ነበር፣ አንድ ነገር ልትናገር ስትል እንደምታደርገው። ሰውነቴን ውርር አደረገኝ እንጂ አልፈራሁም። ዓይኔን ስጨፍን ሄደች።

ከዚያ ሌሊት ወዲህ የድንግዙ መስታወት ምንም አስማት እንዲኖረው አልፈልግም። መስታወት የሚያደርገውን ብቻ ያድርግ። ግን እንዲህ ከሆነ ልማዱ ይቆማል? አንባቢ ይከተለኛል? እባካችሁ የመሰላችሁን ሳትሸሽጉ ንገሩኝ።

ጨረቃ በሱሉልታ

እህቴ፣ በመጀመሪያ እናትሽን ነፍስ ይማር።

የመሰለኝን ልንገርሽ። አስማቱን አታውጪው። ምናባዊ ልቦለድ የማነብበት ምክንያት በዚህ ዓለም የማይሆነውን ለማየት ነው። በእኔም ቤት መስታወት አለ። የድንግዙ መስታወት ከእኔው ጋር አንድ ከሆነ ድንግዝ ድረስ ለምን እወርዳለሁ? የሞት ቀን የሚለውን ልትለውጪው ትችያለሽ፣ እሱ የተለመደ ነው። ነገር ግን መስታወቱ የሆነ ነገር ያውቅ።

ሲስተር ከቡራዩ

የኮዬዋ፣ ያየሽው ነገር በጥናት የታወቀ ነው። እኔ የአእምሮ ጤና ክፍል ውስጥ ስለምሠራ ጉዳዩን በደንብ ተከታትየዋለሁ።

እ.ኤ.አ. በ1804 ትሮክስለር የሚባል ስዊዘርላንዳዊ ሐኪም አንድ ነጥብ ላይ ዓይናችንን ስንተክል በዙሪያው ያለው ነገር ቀስ በቀስ እየደበዘዘ እንደሚጠፋ ጻፈ። ዓይናችን የሚነግረን ለውጥን ነው፤ የማይለወጥ ነገር ሲደርሰው ይሰለቻል። ጆሮዎችሽና አገጭሽ ቀድመው የጠፉት ለዚህ ነው፣ ከምትተክዪበት ነጥብ የራቁት እነሱ ናቸውና። የጎደለውን ደግሞ አእምሮ ዝም ብሎ አይተወውም፣ ከራሱ ጓዳ ያመጣና ይሞላዋል።

ከዚያ እ.ኤ.አ. በ2010 በጣልያን የኡርቢኖ ዩኒቨርሲቲው ጆቫኒ ካፑቶ 50 ሰዎችን አንድ በአንድ በደብዛዛ ብርሃን መስታወት ፊት አስቀመጣቸው። አሥር ደቂቃ ብቻ። 66 በመቶዎቹ ፊታቸው ክፉኛ ሲለዋወጥ አዩ። 48 በመቶዎቹ በተረት እንደሚወራው ዓይነት ፍጡር አዩ፣ 28 በመቶዎቹ የማያውቁትን ሰው። 18 በመቶዎቹ ደግሞ የአባት ወይም የእናታቸውን ፊት። ከነዚህ ውስጥ ከግማሽ የሚበልጡት ያዩት በሕይወት የሌለ ወላጃቸውን ነበር።

የመጨረሻውን ያልኩት ብቻሽን እንዳልሆንሽ እንድታውቂ ነው። ያየሽው የእናትሽን አፍ ነው፤ የእናትሽ አፍ ደግሞ ቀድሞም በአንቺ ፊት ላይ አለ።

አንድ ነገር ግን እለምንሻለሁ። ይህ ለሁሉም ሰው አይደለም። እነካፑቶ ስኪዞፍሬንያ የሚባለው የአእምሮ ሕመም ያለባቸውን ሰዎች ሲያስቀምጡ ምስሎቹ በርትተውና በዝተው መጡባቸው፤ አንዳንዶቹ በመስታወቱ ውስጥ ያለው ሌላ ሰው ነው ብለው እስከማመን ደረሱ። ድብርት ያለባቸው ደግሞ በተቃራኒው የሚያዩት በጣም ትንሽ ነበር። ልማዱን ስትጽፊ ሰሚው የማይቀመጠውን ልጅ የሚለይበት መንገድ ይኑረው። ሰባት ሌሊት ያለ እንቅልፍ በራሱ ጤነኛውንም ያሳምማል።

የኮዬዋ

ሲስተር፣ የመጨረሻዋን የአፍ ነገር ሳነብ አለቀስኩ። እግዜር ይስጥልኝ።

ስለ ሰባቱ ሌሊት ልክ ነሽ፣ ሳላስበው ነው የጻፍኩት። ሌሊቶቹ እንዳይከታተሉ አደርጋለሁ፤ በየሰም ማቅለጫው ወር አንድ አንድ ሌሊት ይሆናል። ልጁ በመሀሉ ሥራውን ይሠራል፣ ያንቀላፋል፣ ከእኩዮቹ ጋር ይጣላል። እንዲያውም እንዲህ ሲሆን የተሻለ ይመስለኛል፣ በሁለት ሌሊት መሀል ያለው ወር ራሱ ምዕራፍ ይሆናል።

ድንጋይ ወዳጅ

ከዓለም ገና ነኝ። ስለ መስታወቱ ልጠይቅ፦ ጥቁር ያልሽው ከምን የተሠራ ነው? ካልወሰንሽ ባልጩት አድርጊው፣ እባክሽ።

ባልጩት የእሳተ ገሞራ ብርጭቆ ነው። የቀለጠው ድንጋይ ክሪስታል ለመሥራት ጊዜ ሳያገኝ በድንገት ሲቀዘቅዝ የሚሆነው። ከእኛ ሰፈር በቡታጅራ መንገድ ወደ መልካ ቁንጥሬ ብትሄጂ፣ ከአዲስ አበባ 50 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፣ እዚያው አካባቢ ባልጪት የሚባል ቦታ አለ። ስሙ ራሱ ይነግርሻል። ከመልካ ቁንጥሬ ጋር ተዳምሮ ሐምሌ 2016 በዓለም ቅርስነት ተመዝግቧል። በአዋሽ ዳር ይኖሩ የነበሩት ጥንታውያን ያንን ድንጋይ መሣሪያ ማድረግ ከጀመሩ ከአንድ ሚሊዮን ዓመት በላይ ሆኗል። ዝናብ ካባራ በኋላ መሬቱ ላይ ፀሐይ ስታርፍበት እንደ ተሰበረ ጠርሙስ ያብለጨልጫል። (ሄዳችሁ ብታዩ እዩ፣ ድንጋዩን ግን አታንሱ። የሁላችንም ነው።)

መስታወትነቱም የፈጠራ ወሬ አይደለም። ቱርክ ውስጥ ቻታልሁዩክ ከሚባለው ጥንታዊ መንደር የወጡት የባልጩት መስታወቶች 8,000 ዓመት ገደማ ዕድሜ አላቸው። የሜክሲኮ አዝቴኮች ከአማልክታቸው አንዱን ቴዝካትሊፖካ ይሉት ነበር፣ «የሚጨስ መስታወት» ማለት ነው። ከእነሱ አገር የሄደ አንድ የባልጩት መስታወት በእንግሊዟ ንግሥት ቀዳማዊት ኤልሳቤጥ ዘመን ጆን ዲ በተባለ የሒሳብ ሊቅ እጅ ነበረ፤ መናፍስትን ለማነጋገር ይጠቀምበት ነበር ይባላል። ዛሬ ብሪቲሽ ሙዚየም ነው ያለው። እ.ኤ.አ. በ2021 ተመርምሮ ድንጋዩ ሜክሲኮ ውስጥ ፓቹካ ከሚባል ቦታ መውጣቱ ታወቀ።

አሁን ዋናው ነገር። የተወለወለ ባልጩት ፊት ለፊት ከሚመጣበት ብርሃን የሚመልሰው 4 በመቶ ያህሉን ብቻ ነው። የቤታችን መስታወት ጀርባው ብር ወይም አሉሚኒየም ስለተቀባ አብዛኛውን ይመልሳል። የአንቺም መስኮት ከኋላው ጨለማ ስለነበር በሁለት ገጹ ተደምሮ 8 በመቶ ግድም ነው የመለሰልሽ። ይኸውልሽ፣ ማሳው ላይ መብራት ቢኖር ኖሮ እናትሽን አታያትም ነበር።

ስለዚህ ጧፉን ከጀርባ ማድረግሽ አይሠራም። ፊቱ ጥላ ውስጥ ይገባል፣ ከዚያ ጥላ 4 በመቶ ሲመለስ ምንም አይታይም። ይልቅ ነበልባሉ ብቻ መስታወቱ ላይ ይታይና ዓይን ይሰርቃል። ጧፉ ወደ ጎን፣ ከጉልበት ዝቅ ብሎ፣ መስታወቱ እንዳያየው ተከልሎ ይቀመጥ።

የኮዬዋ

ወይ ጉድ! ድንጋይ ወዳጅ፣ አሁን ስታስታውሰኝ የዚያ ሌሊት ሻማዬም በስተግራዬ በርጩማ ላይ ነበር እንጂ ከኋላዬ አልነበረም። ሳላስተውል ስጽፈው ለውጬዋለሁ። ባልጩት እንዲሆን ወስኛለሁ። ልጁ መስታወቱን ራሱ ይወለውለው ይሆን? ስንት ጊዜ ይፈጃል?

ድንጋይ ወዳጅ

ብዙ። መጀመሪያ በሻካራ አሸዋና በውሃ፣ ቀጥሎ በደቀቀ አሸዋ፣ ቀጥሎ በአመድ ወይም በሸክላ ዱቄት፣ በመጨረሻ በቆዳ። እኔ መዳፍ የምታህል ከአንድ የመንገድ ሥራ ቁፋሮ አፈር ላይ ያገኘሁትን ሞክሬ ማታ ማታ እየሠራሁ ወር አልፎኛል፣ አሁንም አንድ ጭረት አለባት። ሲሰበር ደግሞ ጠርዙ ከምላጭ ይስላል፣ ጣቴን ሁለቴ ቆርጦኛል። ከመቀመጡ በፊት ያለው ይህ መወልወል ግማሹ ጽሞና ነው ብዬ አምናለሁ። እጅ እየተመላለሰ ቀልብ ይሰበሰባል።

ብርሃን ፈላጊ

ሁላችሁንም አከብራለሁ፣ ግን ልቤ ከበደኝና ነው የምጽፈው። እኔ ባደግሁበት ሰፈር ውሃና መስታወት እያዩ የሰው ዕቃ ማን እንደሰረቀ የሚናገሩ ሰዎች ነበሩ። በአንዱ ቃል ሁለት ጎረቤታሞች ተጣልተው እስከ ዛሬ አይነጋገሩም። ይህን ጽሑፍ ልጆች ያነቡታል። መስታወት ፊት ቁጭ ብሎ የሞተ ሰው መጠበቅ ከጥንቆላ በምን ይለያል?

የኮዬዋ

ብርሃን ፈላጊ፣ እውነትህን ነው። እኔም የመጀመሪያው ረቂቅ ውሸት ውሸት ይለኝ የነበረው ለካ በዚህ ነው። መስታወቱ የሞት ቀን ሲናገር ያው ጠንቋይ ነው፤ ሰውየው ከራሱ ውጭ ለሆነ ነገር ቁልፉን አስረከበ ማለት ነው። በአዲሱ ረቂቅ ግን የድንግዝ ሰዎች አንድ ጥብቅ ሕግ አላቸው፦ ትይዩ ላይ የታየ ነገር በሌላ ሰው ላይ አይመሰከርም። «መስታወት ላይ አየሁህ» ብሎ የከሰሰ ሰው ከመንደር ይወጣል። ሙታንም አይጠበቁም። የመጣው ፊት ይመጣል፣ ይሄዳል፣ ልጁ ዓይኑን አያነሳም። ሰሚው «ማንን አየህ?» የማይሉት ለዚህ ነው። «ማን ቀረ?» ነው የሚሉት።

የቅኔ ቤት ልጅ

ልጆቼ፣ ሰላም ለእናንተ ይሁን። ዕድሜዬ ከሰባ አልፏል፣ መናገሻ ሥር ከልጄ ጋር ነው የምኖረው፤ የልጅ ልጄ ነች ይህን የምትጽፍልኝ።

ሁለት ነገር አስታወሳችሁኝ። አንደኛው ቃል ነው። ዛሬ መጽሔት ስትሉ በየወሩ የሚታተመውን ማለታችሁ ነው። በግእዝ ግን መጽሔት ማለት መስታወት ነው። የሕትመቱ ስም ከዚያ የመጣ ነው፣ አገር ራሱን የሚያይበት ለማለት። ልጄ፣ የምትጽፊው ነገር ሁሉ መጽሔት ነውና አትጨነቂ።

ሁለተኛው፣ አባቴ ብራና ይጽፉ ነበር። የታመመ ሰው ሲመጣ ክታቡ በቁመቱ ልክ ይለካለታል፣ ከራሱ እስከ እግሩ። በላዩ ጸሎት ይጻፍበታል፣ በጸሎቱ መሀል ደግሞ ጠልሰም ይሣልበታል፤ ትልልቅ ዓይኖች ያሉት፣ ፊት ለፊት የሚያይ። በሽተኛው ያንን ዓይን ትኩር ብሎ ያያል። ሲያስረዱ እንደሰማሁት፣ የያዘው ክፉ መንፈስ በበሽተኛው ዓይን በኩል አሻግሮ ሲያይ ራሱን የሚያይ ዓይን ያገኝና ደንግጦ ይሸሻል። ልክ ነው ስሕተት ነው ለማለት አልጻፍኩም፤ ብርሃን ፈላጊ ወንድሜም እንዳይቀየመኝ። ነገር ግን ዓይን በዓይን መያዝ ብርቱ ነገር መሆኑን የእኛም አባቶች ያውቁ ነበር። አባቴ ሥዕሉን ሲጨርሱ የዓይኑን ብሌን መጨረሻ ላይ ያስቀሩት ነበር። ብሌኗን የሚያኖሩት በሽተኛው ባለበት ነበር። ያቺን የቀለም ጠብታ ሲያሳርፉ ትንፋሻቸውን ይይዙ ነበር፤ እኔም አብሬ እይዝ ነበር።

የኮዬዋ

አባባ፣ እድሜና ጤና ይስጥልኝ። ብሌኑን መጨረሻ ላይ ማኖራቸውን ሳነብ ብድግ ብዬ ክፍሉ ውስጥ ተመላለስኩ። ቢፈቅዱልኝ በድንግዝ የመስታወቱ የመጨረሻ ውልወላ ልጁ ባለበት በሰሚው እጅ እንዲሆን አደርጋለሁ። ለልጅ ልጅዎም ምስጋናዬን ይንገሩልኝ።

የቅኔ ቤት ልጅ

ፈቅጃለሁ፣ ልጄ። ትንፋሽ መያዙን አትርሺ።

ጨረቃ በሱሉልታ

ተመልሼ መጣሁ። ሁለት ቀን ሳስብ ነበር፣ እናም መጀመሪያ ያልኩትን አንስቻለሁ። ትናንት ማታ በራሴ መስታወት ሞከርኩት፤ ሲስተር እንዳለችው አሥር ደቂቃ ብቻ። ያየሁት የማላውቀው ሽማግሌ ነበር። የዓይኖቼን ቀለም ይዟል። ከዚያ በኋላ «መስታወቱ የሆነ ነገር ያውቅ» ማለቴ አላስፈላጊ መሰለኝ።

ጃፓን ውስጥ ካማኩራ በምትባል ከተማ እ.ኤ.አ. በ1285 የተመሠረተ ቶኬይጂ የሚባል የሴት መነኮሳት ገዳም ነበረ። መነኮሳቱ መስታወት ፊት ተቀምጠው ራሳቸውን ይመረምሩ እንደነበር ይነገራል። እነሱም መስታወቱን ተናገር አላሉትም። ስለዚህ የምናቡን ሥራ ለአገሩ ስጪው፦ ፀሐይ በቀን ለጥቂት ጊዜ ብቻ የምትወጣበት ሸለቆ እኮ ለእኔ በቂ ተአምር ነው። ሰው ሙሉ ዕድሜውን በድንግዝግዝ የሚኖር ከሆነ የሌላውን ፊትስ መቼ አጥርቶ ያያል? ምናልባት የድንግዝ ሰዎች የሚተዋወቁት በእኩለ ቀኗ ፀሐይ ብቻ ይሆናል።

የለገጣፎዋ መምህርት

እስካሁን ዝም ብዬ ሳነብ ነበር። ታናሽ ወንድሜ ከልጅነቱ ጀምሮ ዓይነ ስውር ነው። ማታ ይህን ውይይት በሙሉ ጮክ ብዬ አነበብኩለት። ጨርሼ ዝም ስል «እኔ ድንግዝ ብወለድ ሰባቱን ሌሊት የት አድር ነበር?» አለኝ። መልስ አልነበረኝም።

ጠዋት ቡና ላይ ራሱ መለሰው። እሱ ግድግዳ ሲጠጋ ሳይነካው ያውቃል፤ ምላሱን ጠቅ ያደርጋል ወይ ያንጎራጉራል፣ ድምፁ ተመልሶ ሲመጣ ይወፍራል ይላል። ለስላሳ ጠጣር ነገር ድምፅን አጥርቶ ይመልሳል፣ መጋረጃ ይውጠዋል። «የተወለወለ ድንጋይ ለእኔም መስታወት ነው፣ አፌን አስጠግቼ ስሜን እጠራበታለሁ» አለ። ሌላም ጨመረ። ልጅ እያለ ስሙን ደጋግሞ ሲጠራው ከሆነ ጊዜ በኋላ ስም መሆኑ ይቀርና ባዶ ድምፅ ይሆንበት ነበር። እኔም ሞከርኩት። እውነቱን ነው፣ ከሠላሳ አርባ ጊዜ በኋላ ስሜ የሌላ አገር ቋንቋ ሆነብኝ።

ሲስተር ከቡራዩ

መምህርት፣ ወንድምሽን ሳሚልኝ። የሚመሳሰል ነገር ነው እኮ! ዓይን በማይለወጥ ምስል እንደሚደክም አእምሮም ቃል ሲደጋገምበት ይደክምና ትርጉሙን ይለቃል። ፊት የሚጠፋውና ስም የሚጠፋው በሚመሳሰል መንገድ ነው።

የኮዬዋ

ሌሊቱን አልተኛሁም። መምህርት፣ የወንድምሽን ሐሳብ ሳላስፈቅድ ጽፌዋለሁ፣ አንብቢለትና ካልወደደው አወጣዋለሁ። ልጅቷ እስካሁን በታሪኩ ውስጥ አልነበረችም። አሁን ምዕራፉ የእሷ ነው።

«አምስተኛዋ ሌሊት ነበረች። ጧፍ አላበሩላትም። ልጅቷ ጉንጯን ወደ ባልጩቱ አስጠግታ ስሟን ጠራች፣ ድንጋዩም ስሟን መለሰላት። ደግማ ጠራች። ከቀፎዎቹ አቅጣጫ የንቦች እምምታ ይሰማል፣ ከእሱ በቀር አገሩ ጸጥ ብሏል። መቶኛው ላይ ስሟ የአክስቷን ድምፅ ይመስል ጀመር። ሁለት መቶኛው ላይ የማንም አልነበረም። ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል፣ ትንፋሿ ይወጣል፣ ድንጋዩ ይመልሳል፤ ማን ማንን እንደሚጠራ መለየት ተሳናት። አላቆመችም።

ጎህ ሲቀድ ሰሚው ገቡ። ጥያቄያቸውን ወዲያው አልጠየቁም። ጎንበስ ብለው፣ ትንፋሻቸውን ይዘው፣ መዳፋቸውን አፏ ባረፈበት ቦታ ላይ አኖሩ። ድንጋዩ ሞቆ፣ ረጥቦ ነበር።»